መብራት ፈልገን ነው የመጣን

ሽማግሌ ወደ ቤቷ ሲመጣ ያላትን ሁሉ ጎረቤት ደብቃ፣ ከቀሚሶቿ መካከል የተቀደደውን መርጣ ለብሳ፣ እናቷን ደግሞ «በመሀል በመሀል ሳል አድርጊበት» ብላ ያስጠናች ልጃገረድ በፍኖተ ሰላም ከተማ ከእኔ በፊት አልታየችም። ከእኔ በኋላም የምትታይ አይመስለኝም።

ነገሩ የጀመረው በኅዳር ነው። አገሩ ሁሉ ስለሚመጣው ሚሊኒየም በሚያወራበት ዓመት፣ አንድ ቀጭን ልጅ ካኪ ሱሪ ለብሶ በራችን ላይ ቆመ። ሱሪው ሁለት የካውያ መስመር ነበረው። ባንድ እግር ላይ ሁለት መስመር የሚያወጣ ሰው ወይ ቸኩሏል፣ ወይ የሚተኩስለት የለውም።

«ከቀበሌ ነው የመጣሁት» አለ።

«ቀበሌ ሰው መላክ ጀመረ? ድሮ መጥሪያ ነበር የሚልከው።»

ሳቀ። ስሙ አንዷለም መሆኑን ነገረኝ። ገቢያቸው አነስተኛ ለሆኑ ቤቶች የመብራት ድጋፍ ሊሰጥ ነው አለ። ቀበሌውና የከተማው ነጋዴዎች ተባብረው ለእንዲህ ያለው ቤት የራሱን ቆጣሪ ያስገቡለታል፣ ከየወሩ ሂሳብም ግማሹን ይከፍሉለታል። ማን ይግባ ማን ይቅር የሚለው የሚለየው በገቢ ነው። እሱ ደግሞ እየዞረ ይመዘግባል።

«ሥራሽ ምንድን ነው?»

«ተኳሽ ነኝ።»

እስክሪብቶው ቆመ። አንድ ጊዜ እኔን፣ አንድ ጊዜ ከኋላዬ ያለውን ጨለማ አየ።

«ታጣቂ ነሽ?»

ወደ ውስጥ ገብቼ ካውያዬን አንጠልጥዬ ወጣሁ። «መሣሪያዬ ይቺ ናት። ፈቃድ አላት ወይ ብለው እንዳይጠይቁኝ።»

«ኧረ አንተ በይኝ፣ እኩያሽ ነኝ።»

«ከመንግሥት ቤት የመጣ ሰው አንተ አልልም። እናቴ ቀጥታ ነው ያሳደገችኝ።»

«እሺ፣ ገቢያችሁስ?»

«ገቢ ማለት የሚገባው ነው አይደል?»

«አዎ። ወደ ቤታችሁ የሚገባው።»

«እንግዲያው ይጻፉ። ጠዋት ጠዋት በዚያች ቀዳዳ ፀሐይ ይገባል። ክረምት ሲመጣ ጎርፍ ይገባል። የጎረቤታችን የእትዬ ራዲያ ዶሮ ባሻት ሰዓት ትገባለች። ዛሬ ደግሞ እርስዎ ገቡ።»

ይናደዳል ብዬ ስጠብቅ አንገቱን ዘንበል አድርጎ አሰበ። ከዚያ ቀና አለና ዓይኔን እያየ፣ «እኔን ከየትኛው ልጻፈው? ከጎርፉ ነው ከፀሐዩ?» አለኝ።

በዚህች ከተማ ውስጥ ምላሴን የሚያውቅ ሁሉ ይመስክር፤ መልስ አጥቼ አላውቅም ነበር። ያን ዕለት አጣሁ። ካውያዋ በእጄ እንደተንጠለጠለች ቀረች። ዶሮዋ መጥታ በመሀላችን አለፈች።

ስነቃ የመጣልኝ ቁጣ ነው። «ለመሆኑ ደሃ ብለው ሊጽፉን ነው የመጡት?»

«ደሃ አላልሁም። አነስተኛ ገቢ ነው ያልሁት።»

«አነስተኛ ገቢ ማለት እኮ የደሃ የክት ስሙ ነው።»

«አንቺ ልጅ፣ ምላስሽን ሰብስቢ!» እናቴ እጇ ላይ ያለውን አረፋ እያራገፈች ከጓሮ መጣች። «ግባ ልጄ። ጻፈን። ይቺን አትስማት፣ ጋዜጣ እያነበበች ነው እንዲህ የሆነችው።»

እውነቷን ነው። አባቴ ሲሞት አራተኛ ክፍል ነበርሁ። ከዚያ ወዲያ ያስተማረኝ የሱቅ መጠቅለያ ነው። ስኳር የተጠቀለለበትን ጋዜጣ በካውያ ተኩሼ አቃናውና አነበዋለሁ። ወሬው ሁልጊዜ ከግማሽ ይቆረጣል። የቀረውን እኔ እጨርሰዋለሁ። ነገርን ከራሴ መጨረስ የለመድሁት ያኔ ነው፤ በኋላ ጉድ ያደረገኝም ይኸው ልማድ ነው።

እናቴ ታጥባለች፣ እኔ እተኩሳለሁ። የመምህራኑን፣ የፍርድ ቤት ሰዎቹን፣ ሙሽራ ሲኖር ደግሞ የሙሽራውን። መብራታችን ግን የእኛ አልነበረም። ከአጥር ወዲያ ካለችው ከባለሱቋ ከእትዬ ራዲያ ቤት አንዲት ሽቦ ቀጥለን ነው። ካውያዋ ስትሞቅ የእትዬ ራዲያ ቴፕ ይጎተታል። ዘፋኟ ሴት ሆና ትጀምርና ወንድ ሆና ትጨርሳለች። ያን ጊዜ ከአጥሩ ወዲያ ድምፅ ይመጣል፦ «ያምሮት! ኧረ ንቀይልኝ፣ ደንበኞቼ ሳቁብኝ!» በዚህ የተነሳ በቀን የምሠራው እሷ ስትፈቅድልኝ ብቻ ነው። የራስ ቆጣሪ ማለት ለእኔ የራስ እጅ ማለት ነበር። አንዷለም ይህን ሳልነግረው ገባው። ሽቦዋን በዓይኑ ተከትሎ እስከ አጥሩ አየና ጻፈ።

ሲወጣ፣ «ምዝገባው ሲያልቅ ሦስት ሽማግሌዎች ቤታችሁን ሊያዩ ይመጣሉ። መሪጌታ ወልደ ሥላሴ፣ ሃጂ አብዱልሀኪምና አቶ ላቀው ናቸው» አለ።

በእኛ ሠፈር ሰው ሲጣላ የሚያስታርቁ፣ ውርስ የሚያካፍሉ፣ ልጅ ለማጋባትም የሚላኩት እነዚሁ ሦስቱ ናቸው። ቀበሌው ሌላ የሚታመን ሰው ከየት ያምጣ?

*

ሳምንት ሳይሞላ አንዷለም ተመልሶ መጣ። ብብቱ ሥር ሸሚዝ ይዟል።

«ልታስተኩስልኝ ነው» አለ።

«ልታስተኩስልኝ አይባልም። ልትተኩሽልኝ ነው የሚባለው።»

«እሱን ለማለት ነው።»

ሸሚዙን ዘረጋሁት። ጭምድድ ብሏል። ግን አንገትጌው ንጹሕ ነው፣ ክርኑ ላይ የታጠፈ ነገር የለም፣ ብብቱ ላብ አላየም። ልብስ ሲለበስ እንዴት እንደሚጨማደድ እኔን የሚያታልለኝ ሰው የለም።

«ይህ ሸሚዝ አልተለበሰም።»

«ለብሼዋለሁ።»

«አልለበስኸውም። በእጅህ ጨምድደህ ነው ያመጣኸው።»

ጆሮው ቀላ። ዓይኑን ወደ ሽቦዋ አነሳ፣ ወደ ጣሪያው አነሳ፣ የሚያርፍበት አጣ። ከዚያ ቀስ ብሎ፣ «አንተ አልሽኝ» አለ።

አላወቅሁትም ነበር። አፌን በእጄ ያዝሁ። ካውያዋን ሰካሁና አንገቴን ደፍቼ መተኮስ ጀመርሁ። አንገትጌውን፣ ደረቱን፣ ጀርባውን። እጅጌዎቹን ለመጨረሻ አስቀረኋቸው። ጨርሼ እንኳ ሌላ መጨማደድ ያየሁ መስዬ ደገምኋቸው። ሸሚዙ ካለቀ ይሄዳላ!

ከአጥሩ ወዲያ የእትዬ ራዲያ ዘፋኝ ድምፅ እየወፈረ እየወፈረ ሄደ።

«ያምሮት! ያ ልጅ መጣ ወይ?»

«የቱ ልጅ?»

«ቴፔን ወንድ የሚያደርገው ልጅ!»

እሱ መሳቁን ለመደበቅ ዞረ። ሊረዳኝ ብሎ ካውያዋን ከጎኗ ሲይዛት ነዘረችው። ዘለለ፣ እጁን አራገፈ፣ ግን አልጮኸም። «ባለቤቷን ትመስላለች» ብቻ አለ።

ከዚያ በኋላ እየመጣ፣ ያንኑ ሸሚዝ እየጨመደደ፣ እኔ እያቃናሁ ኅዳር አለቀ። መንደሩ ፍቅራችንን ያወቀው ከእኛ ቀድሞ ነው። ቴፑ በተጎተተ ቁጥር ሰው ወደ አጥራችን ያያል።

*

ታኅሣሥ መግቢያ ላይ የካውያዬ ሽቦ ተቃጠለና አዲስ ልገዛ በገበያ ቀን ወደ ቡሬ ሄድሁ። ሚኒባሱ ውስጥ አንዷለም ተቀምጧል። ወደ ቤተሰቦቹ ወደ ሽንዲ ሊያልፍ ነው። አጠገቡ ያለውን የበርበሬ ጆንያ ገፍቶ ቦታ ሰጠኝ። የበርበሬ ወራት ስለነበር መኪናው ሙሉ በጆንያ ታጭቋል፣ ሰው ሁሉ ያስነጥሳል፣ ሾፌሩም እያስነጠሰ ይነዳል።

ከዚያ እሱ ወደ መስኮቱ እያየ ጠራኝ።

«ያምሮት።»

«አቤት።»

«እሁድ ሽማግሌዎቹ ወደ ቤታችሁ ይመጣሉ።»

ቆጣሪ! ግድግዳችን ላይ ቁጭ ብሎ እየዞረ ታየኝ። ከመቀመጫዬ ልነሳ ምንም አልቀረኝም።

«እውነትህን ነው? በዚህ ፍጥነት?»

ደነገጠ። «ፈጠነ እንዴ? ከፈለግሽ ይቆይ...»

«ኧረ አይቆይ! ስንት ዘመን ስጠብቀው የኖርሁትን ነገር! ይምጡ። እምቢ የሚል የለም።»

ፊቱን ከመስኮቱ መልሶ አየኝ። ዓይኖቹ እንባ ሞልተዋል።

«ታለቅሳለህ እንዴ?»

«በርበሬው ነው» አለና በመዳፉ ጠረገ። «እናትሽስ?»

«እናቴማ ከእኔ በላይ ቸኩላለች። አንተ ብቻ ለሽማግሌዎቹ ንገርልን። ቤቱን እንደሆነ ታውቀዋለህ፣ ባዶ ነው።»

«ቤት አይቼ አይደለም እኮ» አለ።

ምን አይተህ ነው ታዲያ ብዬ አልጠየቅሁም። ነገሩን ከራሴ ጨርሼው ነበር። ቡሬ ስንደርስ ከመናኸሪያው ሸንኮራ ገዛና ወፍራሙን አንጓ ሰብሮ ሰጠኝ። እየበላሁ የማስበው ስለ ቆጣሪ ነው፤ ግን ሸንኮራው እንደዚያ ጣፍጦኝ አያውቅም። የመኪናው ሰው ሁሉ ሲያስነጥስ የእኔ ልብ እየዘፈነ ነበር፣ ለምን እንደሆነ ግን በትክክል አልጠየቅሁትም።

*

እሁድ ጠዋት ከቅዳሴ መልስ መደበቅ ጀመርን። ወሬው «ቴፕ ያዩበትን ቤት ይሰርዛሉ» ነው። ሬዲዮናችን፣ አዲሱ ብርድ ልብስ፣ እናቴ ለሙት ዓመት የምታበስልበት ትልቁ ብረት ድስት፣ ሁሉም በአጥሩ ላይ አለፈ።

«ቤቴ የሀብታም ቤት መሰለ» አለች እትዬ ራዲያ እየተቀበለች። «እኔን ለግብር እንዳያስይዙኝ ብቻ!»

ካውያዋን ግን መደበቅ አልቻልንም። የሥራ መሣሪያ የሌላት ተኳሽ ማን ያምናታል? ጠረጴዛው ላይ ተዘርግቶ ካለ አንሶላ ላይ አስቀመጥናት።

ሦስቱ ሽማግሌዎች ነጭ ለብሰው መጡ። ሃጂ አብዱልሀኪም አዲስ ጥምጥም ጠምጥመዋል። ለቀበሌ ሥራ እንዲህ መልበሳቸው ቢገርመኝም፣ ደግ ሰዎች ስለሆኑ አክብረውን ነው አልሁ። ይኸው፣ አሁንም ከራሴ ጨረስሁት።

«አረፍ በሉ እንጂ» አለች እናቴ፣ ሳሏን ሳል አድርጋ።

«ጉዳያችን ሳይሰማ አንቀመጥም» አሉ መሪጌታ ወልደ ሥላሴ። የቅኔ መምህር ናቸውና ነገር ተጠቅልሎ ካልሆነ ከአፋቸው አይወጣም። ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «እትዬ እታለም፣ አንድ የጨለመ ቤት አለ። ከእርስዎ ቤት መብራት ፈልገን ነው የመጣን።»

እናቴ ደረቷን መታች። «መብራት? ከእኛ ቤት? ኧረ መሪጌታ፣ እኛው ራሳችን ከራዲያ ነው የቀጠልን! እሱም ሲሻው ይበራል፣ ሲሻው ይጠፋል።»

ሃጂ አብዱልሀኪም ፈገግ አሉ። «ትሕትናዎ ደስ ይላል። በዚህ ቤት ያለችው ግን ለሌላ ቤት ትተርፋለች ሲባል ሰምተናል።»

እናቴ ወደ ጠረጴዛው አየች። ካውያዋ ቁጭ ብላለች።

«እሷን ነው የምትሉት?»

«እሷን ነው» አሉ አቶ ላቀው።

«እሷማ... ምን እዋሻለሁ? የዕለት ጉርሳችን ከእሷው ነው። ግን አሮጌ ናት።»

ሽማግሌዎቹ እኔን አዩኝ። እኔም በተቀደደው ቀሚሴ ቆሜ አየኋቸው።

«አሮጌ?» አሉ አቶ ላቀው።

«ተቃጥላ ተቃጥላ በስንት ጥገና የቆመች ናት። ደግሞም የእኛ አልነበረችም። መጀመሪያ የአንድ ወታደር ነበረች። ወደ ሰሜን ሲዘምት ለእኛ ጥሏት ሄደ።»

«አስተግፊሩላህ» አሉ ሃጂ።

«ስትሞቅ ደግሞ ሰው ትነዝራለች። ራዲያ ምስክሬ ናት።»

መሪጌታ ነጠላቸውን አስተካከሉ። ግንባራቸው ላይ ላብ ወጥቷል። «ልጁ... ይህን ሁሉ ያውቃል?»

«አንዷለም? እንዴት አያውቅም! ስንት ቀን ቆሞ ሲያያት! አንድ ቀንማ ነዝራዋለች። ስቆ ዝም አለ።»

ሃጂ ወደ አቶ ላቀው፣ አቶ ላቀው ወደ መሪጌታ አዩ። በመጨረሻ መሪጌታ በሐዘን ድምፅ፣ «እንግዲህ ልጁ ይህን ሁሉ አውቆ ከቆረጠ እኛ ምን አግዶን? እሷን ይስጡን» አሉ።

እናቴ የእውነቷን ማልቀስ ጀመረች። «እሷን ከወሰዳችሁብኝማ በምን እኖራለሁ? አልሰጥም! ግደሉኝ እንጂ አልሰጥም!»

ያን ጊዜ ነው ደሜ የፈላው። ድጋፍ እንሰጣለን ብለው ያለችንን አንዲት ካውያ ሊወስዱ! ዘልዬ መሀል ገባሁ።

«አባቶቼ፣ ውጡልን። ለአንዷለምም ንገሩት። የሱን ችሮታ አልፈልግም። ይህ ቤት ለሚገባው እንጂ ለማይገባው በር የለውም!»

«ልጄ፣ እምቢታም ቢሆን ወግ አለው» አሉ መሪጌታ። አጎንብሰው ወጡ።

*

አንዷለም መምጣቱን አቆመ። ካውያዋን ስሰካ ዓይኔ ወደ በሩ ነው። የመጣው ሁሉ ሌላ ሰው፣ የመጣው ሸሚዝ ሁሉ በእውነት የተለበሰ ነው። የተለበሰ ልብስ እንዲህ እንደሚያስጠላ አላውቅም ነበር። እጄ ስለዛለ የምተኩሰውም ቀነሰ።

«ቴፔ ደህና ሆነ» አለችኝ እትዬ ራዲያ በአጥሩ ላይ። «ያ ልጅ ምን ሆነ?»

«እኔ ጠባቂው ነኝ?»

«አይደለሽም። ግን የጨው ድንጋይ እንደላሰች ላም በሩን ታያለሽ።»

ኩራቴ ልክ እንደዚያ ሽቦ ነው፤ ሲነኩት ይነዝራል፣ ግን የራሱ ኃይል የለውም።

ከዚያ ቀበሌው ስብሰባ ጠራ። ድጋፉ ለማን እንደሚሰጥ በሕዝብ ፊት ሊነገር ነው። ግቢው ዋርካ ሥር ሰው ሞላ። አቶ ላቀው ቆመው የታዩትን ቤቶች አንድ በአንድ ተናገሩ፤ የእነ ንብረትን ቤት ጠሩ፣ የወለተ ኢየሱስን ጠሩ። የእኛ የለም። ዝም ብዬ እመለሳለሁ ብዬ ነበር የሄድሁት። ምላሴ ግን ከእኔ ቀድሞ ተነሳ።

«አቶ ላቀው፣ የእኛ ቤት የት ደረሰ?»

«የእናንተማ ገና አልታየም። በሚመጣው ሳምንት እንመጣለን።»

«እንዴት አልታየም? እሁድ መጥታችሁ አላስለቀሳችሁንም?»

ሃጂ አብዱልሀኪም የጥምጥማቸውን ጫፍ አፋቸው ላይ አደረጉ። አቶ ላቀው መሬት መሬት አዩ። መሪጌታ ብቻ ቀስ ብለው ተነሱ።

«ልጄ፣ እሁድ የመጣነው ለመብራቱ አይደለም።»

«‘መብራት ፈልገን ነው የመጣን’ አላላችሁም?»

«መብራቷ አንቺ ነሽ። አንቺን ለአንዷለም ልንጠይቅ ነው የመጣነው።»

እሁድ ከአጥሩ ወዲያ ስትሰማ የነበረችው የእትዬ ራዲያ ድምፅ ከኋላ መጣ።

«ታዲያ ወታደሩስ?»

«ወታደሩ የካውያዋ ነው!» ብዬ ጮህሁ። «የተቃጠለችው ካውያዋ ናት! የምትነዝረውም ካውያዋ ናት! እናቴ አልሰጥም ያለችው ካውያዋን ነው!»

ዋርካው ሥር ያለው ሰው ሆዱን ያዘ። መሪጌታ እንኳ በመቋሚያቸው ላይ ተደግፈው ትከሻቸው ተንቀጠቀጠ። ሃጂ እንባቸውን እየጠረጉ፣ «አልሐምዱሊላህ፣ እኔማ ለልጁ ስንት ጸለይሁለት!» አሉ።

እኔ ግን አልሳቅሁም። አቶ ላቀው ዘንድ ሄድሁ። «የእኛን ቤት ለምን አቆያችሁት ታዲያ?»

«እሱ ራሱ ነው። ‘የምጠይቃትን ልጅ ቤት እኔ ልመዝን አይገባም፣ ለሌላ መዝጋቢ ይተላለፍ’ ብሎ አስቀየረው። በዚህ ነው የዘገየው።»

«አሁን የት ነው?»

«የሽንዲን ሥራ ጠይቆ ተፈቀደለት። ዛሬ ጠዋት ዕቃውን ይዞ ወደ ቡሬ ወጣ። ከዚያ መኪና ሲያገኝ...»

ቀሪውን አልሰማሁም።

*

መናኸሪያው ውስጥ ረዳቱ «ቡሬ አንድ ሰው! ቡሬ አንድ ሰው!» ይላል። አንዱ ሰው እኔ ነበርሁ። መቀመጫ ስላልነበረ በርበሬ ጆንያ ላይ ወጣሁ። እስከ ቡሬ ድረስ አነባሁ። አንዲት እናት ነጠላቸውን ሰጡኝና፣ «አይዞሽ፣ በርበሬው ነው» አሉኝ። «አዎ፣ በርበሬው ነው» አልሁ።

ቡሬ ስወርድ የሽንዲው ኢሱዙ ሞተሩን አስነስቷል። ሰው በላዩ ተጭኗል። ጎኑ ላይ አንድ እግሩን ጎማው ላይ ያደረገ ቀጭን ልጅ ሻንጣውን ወደ ላይ እያቀበለ ነው። ሸሚዙን አወቅሁት። ሲያቀብል አንገትጌው ላይ የላብ መስመር፣ ክርኑ ላይ እጥፋት አየሁ።

«ያ ሸሚዝ ዛሬ በእውነት ተለብሷል» አልሁ።

ዞረ። አልሳቀም። «ችሮታ ፍለጋ አልመጣሁም ነበር» አለ።

«አውቃለሁ። አሁን ነው ያወቅሁት። እኛ እኮ... ካውያዋን ሊወስዱብን መስሎን ነው!»

«ምን?»

ነገርሁት። እያስነጠስሁ፣ እያነባሁ፣ ከመጨረሻው ወደ መጀመሪያው እየሄድሁ ነገርሁት። ወታደሩ ላይ ስደርስ ከንፈሩ ተንቀሳቀሰ። ነዘረችው የሚለው ላይ ስደርስ ፊቱን በሁለት እጁ ሸፈነ። ከዚያ እጁን አወረደና ኮስተር አለ።

«ሚኒባሱ ውስጥ ‘ይምጡ፣ እምቢ የሚል የለም’ ያልሽው...»

«ለመብራቱ ነበር።»

ፊቱ ጠቆረ። ሾፌሩ ጥሩንባ ነፋ። እሱ አልተንቀሳቀሰም።

«ለእኔ ቢሆንስ ኖሮ?» አለ።

ምላሴ፣ ያ ከተማ ያወቀው ምላሴ፣ እንደገና ጠፋ። እሱ ይጠብቃል። ላይ ያሉት ተሳፋሪዎች አንገታቸውን አስግገው ይጠብቃሉ። ሞተሩ እንኳ ድምፁን የቀነሰ መሰለኝ። ያን የመጀመሪያ ቀን አሰብሁ፤ በሩን፣ ካውያዋን፣ ያለፈችውን ዶሮ።

«መጀመሪያ ስትመጣ ጠይቀኸኝ ነበር» አልሁት። «ከጎርፉ ነኝ ከፀሐዩ ብለህ።»

«አልመለስሽልኝም።»

«ከፀሐዩ።»

«ወንድሜ፣ ትሳፈራለህ ወይስ አትሳፈርም?» ሾፌሩ በመስኮት ጮኸ።

ከላይ ከጆንያው መካከል አንዲት አሮጊት ቀደሙት። «አይሳፈርም! አንተ ደግሞ ምን ዓይነት ሰው ነህ! ሻንጣውን አውርዱለት!»

ሻንጣው ከእጅ ወደ እጅ እየተላለፈ ወረደ። አንዷለም አቅፎ ተቀበለው። እኔን ሊያቅፈኝ አሰበና መናኸሪያው ሙሉ ሰው መሆኑን አስታወሰ። ሻንጣውን አጥብቆ አቀፈ።

*

በሚቀጥለው እሁድ የደበቅነው ሁሉ በአጥሩ ላይ ተመልሶ መጣ። እትዬ ራዲያ የራሷን ምንጣፍ ጨመረችበት። ሦስቱ ሽማግሌዎች ሲገቡ እናቴ በሩ ላይ አቆመቻቸው።

«ዛሬስ በየትኛው ጉዳይ ነው? በግልጽ ንገሩኝ። ቅኔ አልችልም።»

«በሁለቱም» አሉ አቶ ላቀው። «እግራችን አርጅቷል፣ ባንድ መንገድ ሁለቱን እንጨርስ።»

«መጀመሪያ እሷን» አሉ መሪጌታ።

እናቴ ካውያዋን አየች፣ እኔን አየች። «ይቺኛዋን ነው?»

«ይቺኛዋን።»

«ትነዝራለች።»

«በሚገባ ቀምሰናል» አሉ ሃጂ።

ሳቅ ሆነ። እናቴ ግን ቆይታ በነጠላዋ ዓይኗን ጠረገች። «ባለፈው በምን እኖራለሁ ብዬ ያለቀስሁት ስለ ካውያዋ ነበር» አለች። «ለካ ለልጄም ያው ቃል ይሠራል።»

ሄጄ አጠገቧ ተንበረከክሁ። ከሳሙና ብዛት የተሰነጣጠቁ እጆቿን ያዝሁ። «እማዬ፣ የማድረው ሌላ ቤት ነው እንጂ የምሠራው እዚሁ ነው። አንቺ እያጠብሽ፣ እኔ እየተኮስሁ።»

«እንግዲያስ ይሁን» አለች። «ሰጥቻለሁ።»

ሽማግሌዎቹ መርቀው ተቀመጡ። አቶ ላቀው መነጽራቸውን አደረጉ። «አሁን ወደ ሁለተኛው። አንዷለም ደሞዝ አለው። እንግዲህ የዚህ ቤት ገቢ...»

«አቶ ላቀው፣ የእናቴን ቤት ለብቻው ይመዝኑልኝ» አልሁ። «በእጇ አጥባ የምታድር አንዲት እናት ናት። ስሟን በሕዝብ ፊት ጥሩት፣ አላፍርም። ይገባታል። እኔ ግን እወጣለሁ። የካውያዬን ድርሻ እኔ እከፍላለሁ።»

ሽማግሌዎቹ ተያዩ። «ልክ ነው» አሉ መሪጌታ። «ለእሷ ይገባል። ቆጣሪውም በስሟ ይሁን።»

እናቴ እልልታ ጀመረች። ከአጥሩ ወዲያ እትዬ ራዲያ ተቀበለቻት።

አቶ ላቀው እልልታው እስኪበርድ ጠበቁና በመነጽራቸው ላይ አዩኝ። «አንቺስ? እወጣለሁ ካልሽ የራስሽ ገቢ ይኖርሻል ማለት ነው። ምን አለሽ?»

በበሩ በኩል ወደ ውጭ አየሁ። አንዷለም ወግ ጠብቆ አጥሩ ጋ ቆሟል። ያንኑ ሸሚዝ ለብሷል። ከላይ እስከ ታች በእጁ ጨምድዶታል።

«አለኝ» አልሁ። «ውጭ ቆሟል። ግባ በሉት።»

ገባ።